ወላጅና ልጅ፦ የራዲየም ቀመርና የአንድ ቤተሰብ ረጅም ታሪክ

የኒውክለር ፊዚክስ በማስተምርበት ክፍል በየዓመቱ ሳይነሣ የማያልፍ አንድ ጥያቄ አለ። ዩራኒየም 238 የአልፋ ቅንጣት አውጥቶ ወደ ቶሪየም 234 ሲለወጥ፣ የመጀመሪያውን «ወላጅ»፣ ሁለተኛውን «ልጅ» ብለን በሰሌዳው ላይ እንጽፋለን። ወዲያው ከኋላ ወንበር አንድ እጅ ይነሣል። «መምህር፣ ልጁ ሲወለድ ወላጁ ራሱ የሚጠፋ ከሆነ ምኑን ወላጅ ሆነ?» ተማሪዎቹ ይስቃሉ። እኔም ለብዙ ዓመታት አብሬ ስቄ፣ «ስያሜ ነው፣ ወደ ቀመሩ እንመለስ» እያልኩ አልፌዋለሁ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ግን ለተማሪዎቼ ከወትሮው የተለየ የቤት ሥራ ሰጠሁ። የምዕራፉን ስሌቶች ከመሥራት ጎን ለጎን፣ ኤቭ ኩሪ ስለ እናቷ ስለ ማሪ ኩሪ ጽፋ በ1937 ያሳተመችውን የሕይወት ታሪክ በእንግሊዝኛ ትርጉሙ አንብበው አስተያየታቸውን በአንድ ገጽ እንዲያቀርቡ ጠየቅኋቸው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ያነበብኳቸው አስተያየቶች እርስ በርሳቸው የሚጋጩ፣ አንዳንዶቹም ለእኔ ለመምህሩ ትምህርት የሚሰጡ ሆነው አገኘኋቸው። ይህ ጽሑፍ ከዚያ የቤት ሥራ የተወለደ ነው። በአንድ በኩል በሁለተኛ ደረጃ ኬሚስትሪ የምንማረውን ስሌት፣ በሌላ በኩል ስሌቱን ያስገኙትን የአንድ ቤተሰብ ትውልዶች ጎን ለጎን ያያል።

የዩራኒየም የትውልድ ሐረግ

በቅድሚያ ኬሚስትሪውን እናስታውስ። የአንድ አቶም ኒውክለስ የአልፋ ቅንጣት ሲያወጣ ሁለት ፕሮቶንና ሁለት ኒውትሮን ያጣል፤ በመሆኑም የክብደት ቁጥሩ በ4፣ አቶማዊ ቁጥሩ ደግሞ በ2 ይቀንሳል። የቤታ ቅንጣት (ኤሌክትሮን) ሲያወጣ ግን የክብደት ቁጥሩ ሳይለወጥ አቶማዊ ቁጥሩ በ1 ይጨምራል። በእነዚህ ሁለት ሕጎች ብቻ ከዩራኒየም 238 ተነሥተን እስከ እርሳስ 206 ያለውን ሐረግ መቁጠር እንችላለን። ከ238 ወደ 206 ለመድረስ 32 መቀነስ ያስፈልጋል፤ ይህም 8 የአልፋ ለውጥ ነው። ስምንት አልፋዎች አቶማዊ ቁጥሩን ከ92 ወደ 76 ያወርዱታል። የእርሳስ አቶማዊ ቁጥር 82 ስለሆነ ልዩነቱን የሚሞሉት 6 የቤታ ለውጦች ናቸው። ስለዚህ ከመጀመሪያው ወላጅ እስከ መጨረሻው ልጅ ድረስ 14 ለውጦች አሉ ማለት ነው።

የእነዚህ ትውልዶች ዕድሜ እጅግ የተለያየ ነው። የዩራኒየም 238 ግማሽ ዕድሜ 4.5 ቢሊዮን ዓመት ያህል ነው። የራዲየም 226 ግማሽ ዕድሜ 1,600 ዓመት፣ የልጁ የራዶን 222 ደግሞ 3.8 ቀን ነው። ከዚያ በታች ያለው ፖሎኒየም 214 ከአንድ ሺሕኛ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ውስጥ በግማሽ ያልቃል። ወደ ሐረጉ መጨረሻ የሚገኘው ፖሎኒየም 210 የ138 ቀን ግማሽ ዕድሜ አለው፤ እሱም በተራው ወደማይለወጠው እርሳስ 206 ይሸጋገራል።

እዚህ ላይ ተማሪዎች ዘወትር የሚስቱትን አንድ ነገር መግለጽ ያስፈልጋል። አቶም አያረጅም። ሺሕ ዓመት የቆየ የራዲየም አቶምና ትናንት የተፈጠረ የራዲየም አቶም ነገ የመለወጥ ዕድላቸው እኩል ነው። ግማሽ ዕድሜ የብዙ አቶሞች የጋራ ባሕርይ እንጂ የአንዱ አቶም ዕጣ አይደለም። «ወላጅ» እና «ልጅ» የሚለው ንጽጽር ከሰው ቤተሰብ ጋር የሚለያየው አንዱ በዚህ ነው። የሰው ልጅ ያረጃል፤ የሚያልፍበትም ያንኑ የተሸከመውን ሁሉ ይዞ ነው።

በመስታወት ውስጥ የተቆለፈ ቤተ ሙከራ

ማሪያ ስክሎዶቭስካ በ1867 በዋርሶ ከተማ ተወለደች። በዚያን ጊዜ ፖላንድ የምትባል ነጻ አገር አልነበረችም፤ ዋርሶም በሩሲያ ዛር አገዛዝ ሥር ነበረች። አባቷ የሒሳብና የፊዚክስ መምህር ነበሩ። የሩሲያ ባለሥልጣናት የቤተ ሙከራ ትምህርት ከፖላንድ ትምህርት ቤቶች እንዲወጣ ባደረጉ ጊዜ፣ አባትየው መሣሪያዎቹን ወደ ቤታቸው ወስደው በመስታወት ቁምሳጥን ውስጥ አስቀመጧቸው። ትንሿ ማሪያ ያደገችው ሚዛኖችን፣ የመስታወት ቱቦዎችንና የወርቅ ቅጠል ኤሌክትሮስኮፕን በመስታወት በኩል እያየች ነው። እናቷ በሳንባ ነቀርሳ ሲሞቱ ገና 10 ዓመቷ ነበር።

ይህ የቁምሳጥን ታሪክ ተማሪዎቼን ከሁሉ በላይ የነካቸው ክፍል ነው፤ ብዙዎቹ የሚያውቁት ቁምሳጥን ስላለ። እኔም በተማርኩበት ትምህርት ቤት ቢዩሬትና ፒፔት ያየሁት በተቆለፈ በር ቀዳዳ በኩል ነበር። ቁልፉን የያዙት ሰው ዕቃው እንዳይሰበር ይሠጉ ነበርና አልፈርድባቸውም። ሆኖም ሚዛን ሳይነኩ የሚማሩት ኬሚስትሪ ዋና ሳይነኩ እንደሚማሩት ዋና ነው።

የቫርሶ ዩኒቨርሲቲ ሴቶችን አይቀበልም ነበር። ወደ ውጭ ለመሄድ ደግሞ ቤተሰቡ ገንዘብ አልነበረውም። በዚህ ጊዜ ማሪያና ታላቅ እህቷ ብሮንያ እኛ በደንብ የምናውቀውን ዓይነት ስምምነት አደረጉ፤ የሁለት ሰው ዕቁብ ብንለው አንሳሳትም። መጀመሪያ ዕጣው ለብሮንያ ይወጣል። እሷ ፓሪስ ሄዳ ሕክምና ትማራለች፣ ማሪያ በሰው ቤት ልጆች እያስተማረች ገንዘብ ትልካለች፤ ብሮንያ ስትመረቅ ተራው የማሪያ ይሆናል። ማሪያ ከ1886 ጀምሮ ከሦስት ዓመት በላይ በገጠር የአንድ ባለጸጋ ቤተሰብ ልጆችን አስተማረች። ወደ ዋርሶ ከተመለሰች በኋላ ዘመዷ በሚመራው ቤተ ሙከራ ለመጀመሪያ ጊዜ በገዛ እጇ የኬሚስትሪ ሙከራ ሠራች። በ1891 መገባደጃ ፓሪስ ስትገባ 24 ዓመቷ ነበር። በ1893 በፊዚክስ የዲግሪ ፈተና አንደኛ፣ በ1894 በሒሳብ ሁለተኛ ወጣች። በ1895 የፊዚክስ ሊቅ የሆነውን ፒየር ኩሪን አገባች።

አንድ ዐሥረኛ ግራም

በ1896 ሄንሪ ቤክረል ዩራኒየም ጨረር እንደሚያወጣ አስታወቀ። ማሪ ይህን ጨረር ለመለካት የተጠቀመችበት መሣሪያ ራሱ የቤተሰብ ሥራ ነበር፤ ፒየርና ወንድሙ ዣክ በ1880 ባገኙት የኳርትዝ ኤሌክትሪካዊ ባሕርይ ላይ የተመሠረተ ነውና። ፒችብሌንድ የተባለው የዩራኒየም ማዕድን በውስጡ ካለው ዩራኒየም ከሚጠበቀው በላይ ጨረር ስለሰጠ፣ ባልና ሚስቱ ያልታወቀ ንጥረ ነገር እንዳለ ገመቱ። በሐምሌ 1898 ፖሎኒየምን፣ በታኅሣሥ ወር ደግሞ ራዲየምን አስታወቁ። የመጀመሪያው ስም በካርታ ላይ ላልነበረችው ለፖላንድ መታሰቢያ የተሰጠ ነው።

ነገር ግን ኬሚስቶች ጨረር ብቻ አይተው አያምኑም፤ «ክብደቱ ስንት ነው?» ይላሉ። እዚህ ላይ የሁለተኛ ደረጃ ኬሚስትሪያችን በሙሉ ይገባል። ራዲየም በፔሪዮዲክ ሰንጠረዥ ከባሪየም ሥር፣ በሁለተኛው ምድብ የሚገኝ በመሆኑ ባሕርያቸው እጅግ ይመሳሰላል፤ ስለዚህ በተራ ኬሚካላዊ መንገድ አይለያዩም። ያለው ልዩነት አንድ ነው፤ ራዲየም ክሎራይድ ከባሪየም ክሎራይድ ያነሰ የመሟሟት ባሕርይ አለው። ውሁዱን አሟሙቶ፣ አትንኖ፣ በቅድሚያ የሚረጋውን ክሪስታል ለይቶ፣ እንደገና አሟሙቶ ያንኑ ሥራ መደጋገም ያስፈልጋል። ማሪ ይህን ቶኖች ከሚመዝን የማዕድን ዝቃጭ ተነሥታ፣ ጣሪያው በሚያፈስ መጋዘን ውስጥ፣ በ1902 አንድ ዐሥረኛ ግራም ያህል ራዲየም ክሎራይድ እስክታገኝ ድረስ ሠራችው።

ክብደቱ እንዴት ይለካል? ራዲየም ክሎራይድ ከሲልቨር ናይትሬት ጋር ሲገናኝ ክሎሪኑ ሁሉ ነጭ ሲልቨር ክሎራይድ ሆኖ ይዘቅጣል፤ ዝቃጩ ይታጠባል፣ ይደርቃል፣ ይመዘናል። እስቲ አብረን እናስላ። የራዲየም አቶማዊ ክብደት 225 ቢሆን ራዲየም ክሎራይድ 225 ሲደመር 71፣ ማለትም 296 ይሆናል። ከ0.1 ግራም የሚገኘው ሲልቨር ክሎራይድ 0.0968 ግራም ነው። አቶማዊ ክብደቱ 226 ቢሆንስ? ውጤቱ 0.0965 ግራም ይሆናል። ልዩነቱ አንድ ሦስተኛ ሚሊግራም ነው! ናሙናው በሙሉ ባሪየም ክሎራይድ ቢሆን ኖሮ ግን 0.138 ግራም ያህል ይወጣ ነበር። ማሪ በ1902 ያቀረበችው ውጤት 225 ሲሆን፣ ዛሬ የምንቀበለው 226 ነው። በዚያ መጋዘን ውስጥ የአንድ ሚሊግራምን ክፍልፋይ በትክክል መመዘን ምን ማለት እንደሆነ ሚዛን ነክቶ የሚያውቅ ተማሪ ይፈርዳል።

ከፖሎኒየም ይልቅ ራዲየምን ያሳደደችበትንም ምክንያት በግማሽ ዕድሜ ቀመር መረዳት ይቻላል። በ1898 ክረምት የነበረው ፖሎኒየም 210 እስከ 1902 ክረምት ከ10 በላይ ግማሽ ዕድሜዎችን ያሳልፋል፤ የሚቀረው ከሺሕ አንድ እጅ ያነሰ ነው። ራዲየም ግን በአራት ዓመት የሚያጣው ከሺሕ ሁለት እጅ ያህሉን ብቻ ነው። ለአገሯ መታሰቢያ የሰየመችው ንጥረ ነገር በእጇ ላይ እያለ ያልቅ ነበር።

አያት ያሳደጉት ቤት

ይህ ሁሉ ሲሆን ቤት ውስጥ ሕፃን ነበረች። የመጀመሪያ ልጃቸው ኢሬን የተወለደችው በመስከረም 1897 ነው፤ ማለትም የጨረር ምርምሩ ከመጀመሩ ጥቂት ወራት አስቀድሞ። የፒየር አባት ሐኪሙ ዩጂን ኩሪ ባለቤታቸው በዚያው ሰሞን ስለሞቱባቸው ከልጃቸው ቤት ገብተው የልጅ ልጃቸውን ማሳደግ ጀመሩ። በ1904 ኤቭ ተወለደች። በ1903 ባልና ሚስቱ ከቤክረል ጋር የፊዚክስ ኖቤል ሽልማት ያገኙ ሲሆን፣ በሚያዝያ 1906 ፒየር በፓሪስ ጎዳና ላይ በፈረስ ጋሪ ተድጦ ሞተ። አያትየው ልጃቸውን ከቀበሩ በኋላም በ1910 እስኪሞቱ ድረስ ከምራታቸውና ከልጆቹ ጋር ቆዩ።

ከዚህ ቀጥሎ ያለው ታሪክ ለመምህራን ሁሉ ሊነገር የሚገባው ነው። ከ1907 ገደማ ጀምሮ ማሪና የሥራ ባልደረቦቿ ልጆቻቸውን በጋራ ማስተማር ጀመሩ። ዣን ፔራን ኬሚስትሪ፣ ፖል ላንዥቨን ሒሳብ፣ ማሪ ደግሞ ፊዚክስ ያስተምሩ ነበር። ከልጆቹ አንዷ የያዘችው የማሪ ትምህርት ማስታወሻ ከብዙ ዓመታት በኋላ በ2003 ታትሟል። ትምህርቱ የሚጀምረው ባዶ የመሰለ ጠርሙስ አየር እንዳለበት ልጆቹ በሙከራ እንዲያረጋግጡ በማድረግ ነው። በዋርሶ በመስታወት ተዘግቶባት የነበረውን ቁምሳጥን ለፓሪስ ልጆች ከፈተችው።

ከእነዚያ ልጆች አንዷ ኢሬን በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በ18 ዓመቷ በጦር ግንባር ሆስፒታሎች የራጅ መሣሪያ ታንቀሳቅስ ነበር። በ1926 ፍሬዴሪክ ዦልዮን አገባች። በጥር 1934 ባልና ሚስቱ አሉሚኒየም 27ን በአልፋ ቅንጣቶች ሲደበድቡ ፎስፎረስ 30 እና ኒውትሮን አገኙ፤ ይህ ፎስፎረስ ደግሞ በሁለት ደቂቃ ተኩል ግማሽ ዕድሜ ፖዚትሮን እያወጣ ወደ ሲሊከን 30 ይለወጣል። ይህን በኬሚስትሪ ለማስረዳት የነበራቸው ጊዜ ጥቂት ደቂቃ ብቻ ነበር። አሉሚኒየሙን በሃይድሮክሎሪክ አሲድ አሟሙተው የወጣውን ጋዝ በቱቦ ሰበሰቡ፤ ጨረሩም ከጋዙ ጋር ተከትሎ ወጣ። በሰው እጅ የተሠራ የመጀመሪያው ጨረር አመንጪ ንጥረ ነገር ይህ ነው። በ1935 የኬሚስትሪ ኖቤል ሽልማት አስገኘላቸው። ማሪ ግኝቱን በዓይኗ ካየች በኋላ በሐምሌ 4 ቀን 1934 አረፈች።

ግኝቱ ከእኛ የራቀ አይደለም። በአዲስ አበባ ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ለብዙ ዓመታት የካንሰር ሕሙማን የታከሙበት ኮባልት 60 በሰው ሠራሽ መንገድ የሚገኝ ነው። ግማሽ ዕድሜው 5.3 ዓመት ያህል ነው። ስለዚህ ምንጩ ካልተቀየረ ዛሬ 2 ደቂቃ የሚፈጅ ሕክምና ከ5.3 ዓመት በኋላ 4 ደቂቃ ይፈጃል፤ በአንድ ቀን የሚስተናገዱት ሕሙማን ቁጥርም ይቀንሳል። በፈተና ወረቀት ላይ የምናየው ግማሽ ዕድሜ በዚያ በር ላይ ተራ የሚጠብቅ ሰው ጉዳይ ነው።

አንባቢዎች ምን አሉ?

ወደ ተማሪዎቼ አስተያየት ልመለስ። በሦስት ወገን የሚከፈል ነበር።

የመጀመሪያዎቹ መጽሐፉን እጅግ ወደዱት። ድኅነትን፣ ጽናትንና ትጋትን አደነቁ፤ አንዳንዶቹም «ሊቅነት በዘር የሚወርስ ነው» ወደሚል መደምደሚያ ደረሱ። ማስረጃቸው ግልጽ ነው፤ የኢሬን ልጅ ኤሌን በ1927 ተወልዳ የኒውክለር ፊዚክስ ተመራማሪ ሆናለች፤ በ1932 የተወለደው ወንድሟ ፒየር ደግሞ በባዮኬሚስትሪ ይታወቃል። እኔ ግን ለእነዚህ ተማሪዎች የጻፍኩላቸው ጥያቄ የሚከተለው ነው፦ የወረሱት ደም ነው ወይስ የተከፈተ ቁምሳጥን? ልጆች ከሚዛንና ከጠርሙስ ጋር ሲያድጉ፣ በየዕለቱም ከፔራንና ከላንዥቨን አፍ ሲማሩ የሆነውን ለማስረዳት ዘር መጥቀስ አያስፈልግም።

ሁለተኞቹ ተቃወሙ። «ኬሚስትሪው የታለ? ስለ ጋብቻ፣ ስለ ለቅሶና ስለ ጉዞ ብዙ ገጽ ተጽፎ ስለ ክሪስታሉ ጥቂት ነው» አሉ። ይህ ቅሬታ ለቤተሰብ ታሪክ መጻሕፍት ሁሉ የሚሠራ ይመስለኛል፤ አንባቢ ሰዎቹን ወዶ ሥራቸውን ሳያውቅ ሊዘጋው ይችላል። መድኃኒቱ መጽሐፉን መተው ሳይሆን ከላይ ያለውን የሲልቨር ክሎራይድ ስሌት ጎኑ ላይ መሥራት ነው።

ሦስተኞቹ ጥርጣሬ ያደረባቸው ነበሩ። «ልጅ ስለ እናቷ ስትጽፍ ሁሉን ትናገራለች?» ብለው ጠየቁ። ልክ ናቸው። በ1911 መገባደጃ የማሪና የላንዥቨን ግንኙነት በጋዜጦች ተዘርግፎ ነበር፤ ላንዥቨን ባለትዳር ሲሆን ማሪ ባሏ የሞተባት ነበረች። ኤቭ ይህን በደፈናው ጠቅሳ ነው ያለፈችው። በዚያው ሰሞን ማሪ ሁለተኛውን የኖቤል ሽልማት፣ የኬሚስትሪውን፣ ተሸልማ ሳለ አንድ የስዊድን ሊቅ ወደ ስቶክሆልም እንዳትመጣ በደብዳቤ ጠየቃት። እሷም ሽልማቱ የተሰጠው ለፖሎኒየምና ለራዲየም ሥራ እንጂ ለግል ሕይወቷ እንዳልሆነ መልሳ፣ እህቷን ብሮንያንና ልጇን ኢሬንን ይዛ ሄደች። ከ37 ዓመት በኋላ በ1948 የማሪ የልጅ ልጅ ኤሌን የላንዥቨንን የልጅ ልጅ ሚሼልን አገባች። ያን ጊዜ ጋዜጦቹ የጮኹበትን ጉዳይ ሁለቱ ቤተሰቦች በሠርግ ዘጉት።

ሌላም ሊነገር የሚገባው አለ። ማሪ የሞተችው የደም መቅኔ ሲደክም በሚመጣ የደም ማነስ ነው። ኢሬንም በ1956 በደም ካንሰር ሞተች፤ ሕመሟ ለዓመታት ከሠራችበት ጨረር ጋር ይያያዛል። የማሪ አስከሬን በ1995 ወደ ፓንቴዮን ሲዛወር የተደረገው ምርመራ ሕመሟ ከራዲየም ይልቅ ያለ መከላከያ ከሠራችባቸው የጦርነቱ ዘመን የራጅ መሣሪያዎች የመጣ ሊሆን እንደሚችል አመልክቷል። የማስታወሻ ደብተሮቿ አሁንም ጨረር ያመነጫሉ። በ1898 ደብተር ላይ ከነካው ራዲየም ዛሬም 95 በመቶ ያህሉ እዚያው አለ። ልጅ በጻፈችው መጽሐፍ ላይ ያልተነገረውን ደብተሩ ራሱ ይናገራል።

የተመለሰ ዕቁብ

ከሁሉ ይበልጥ ያሰብኩበት አስተያየት የአንዲት ዝምተኛ ተማሪ ነው። «እኔ ከሁሉም የወደድኩት ብሮንያን ነው፤ ሽልማት ባይኖራትም» ብላ ሦስት መስመር ብቻ ጻፈች። ያንን ወረቀት ይዤ ብዙ ቆየሁ። እኔ ውጭ አገር የዶክትሬት ትምህርቴን ለመከታተል የበቃሁት ታላቅ እህቴ ከዐሥረኛ ክፍል አቋርጣ ሥራ ስለገባች ነው። የእኔ ተራ ደረሰ፤ የእሷ ግን አልደረሰም። በክፍል ውስጥ ስለ ወላጅና ስለ ልጅ ስጽፍ ኖሬ ስለ እህት አንድም ቀን አላነሣሁም።

የብሮንያ ዕጣ ግን ተመለሰ። በ1929 አሜሪካውያን በሰጡት ገንዘብ ለዋርሶ አንድ ግራም ራዲየም ተገዛ። በ1932 በዋርሶ የራዲየም ተቋም ተከፈተ፤ የመጀመሪያዋ ኃላፊም ሐኪሟ ብሮንያ ሆነች።

ስለዚህ ያ ከኋላ ወንበር የሚነሣው እጅ ሲነሣ አሁን አልስቅም። በአቶም ዘንድ ወላጁ ጠፍቶ ልጁ ይቀራል፤ ወላጁ ያወጣውም ኃይል ተለክቶ ይታወቃል፤ ሒሳቡ ይዘጋል። በሰው ዘንድ ግን ማን ምን እንደሰጠ ካልተጠየቀ አይታወቅም። ውድ አንባቢ፣ በሚቀጥለው ጊዜ የግማሽ ዕድሜ ጥያቄ ስትሠራ ስሌቱን በጥንቃቄ ሥራ፤ ከዚያም ደብተሩን የገዛልህ ማን እንደሆነ ጻፍ። እኔም ይህን ጽሑፍ ከማስረከቤ በፊት ለእህቴ አንብቤላታለሁ። የሲልቨር ክሎራይዱን ስሌት እንደገና እንዳስረዳት ጠየቀችኝ፤ ሁለተኛ ጊዜ ስናሰላ መልሱን ያገኘችው እሷ ናት።